ባዶ ድምፅ ያለው ድንጋይ

ሐምሌ 9፣ 2013
ሳሎን መራመጃ የለም። ግንበኛው ፀጋይ ከግራና የመጣውን ስስ ድንጋይ ወለሉ ላይ ዘርግቶ ይገጣጥማል። ግድግዳው ላይ ገና አንድም አልለጠፈም። “ለአረፋ ይደርሳል አላልክም?” ብለው፣ “እትዬ ቶይባ፣ መጀመሪያ እዚህ ይስማሙ” ይለኛል። ድንጋይ እስኪስማማ ልጄ ልታረጅብኝ ነው! የዓቢዳ ኒካህ የሚታሰረው እዚሁ ሳሎን መሆኑን እያወቀ... አንዱን ብረግጥበት ደግሞ ተቆጣኝ። በገዛ ቤቴ!

ሐምሌ 17
አለቀ። ማሻ አላህ፣ አምሯል። እሱ ግን መች ጠገበ? እያንዳንዱን በመዶሻው እጀታ ኳ ያደርግና ጆሮውን ያስጠጋል። ድምፁ ባዶ ከሆነ ከጀርባው ሲሚንቶ አልያዘም ማለት ነው፣ ነቅሎ እንደገና።
“ማን ያውቅብሃል?”
“እንግዳ ራስ ላይ ሲወድቅ ያውቁታል።”
ከቆቦ በኩል መድፍ ይሰማል። ሰው ፀጋይን በክፉ ዓይን ማየት ጀምሯል። ወልድያ ስንት ቤት የሠራ ሰው... ትግራይን ካያት ስንት ዘመኑ።

ሐምሌ 21
ከትግራይ ዘሩ የሚመዘዝ ሁሉ እየተለቀመ ነው። ፀጋይንና ሚስቱን ትብለፅን ጓዳ አስገባኋቸው። ዓቢዳ፣ “እማ፣ እኛንስ አንድ ነገር ቢያደርጉን?” አለች። ያድርጉን። እንግዳ አሳልፎ መስጠት በኛ ቤት የለም። ሳል እንኳ እንዳይሰማ አስጠንቅቄዋለሁ።

ሐምሌ 23
የሰፈር ልጆች ዱላና አንድ ጠመንጃ ይዘው መጡ። የግቢው በር ላይ አቆምኳቸው። ማንም የለም አልኩ፣ አመኑኝ። በሩን ዘጋሁ። ገና እርምጃቸው ሳይርቅ... ኳ። ኳ ኳ።
በሩ ሲዘጋ ፀጋይ የሄዱ መስሎት ሳሎን ወጥቷል። ለካ አንዱ ድንጋይ ሲከነክነው ሰንብቷል! ምን ዓይነት ፍጡር ነው? ነፍሱን ሊወስዱ እየዞሩ ድንጋይ ያዳምጣል?
ተመልሰው ገቡ። መዶሻው በእጁ ነው፣ የነቀለው ድንጋይ እግሩ ሥር። “መሣሪያ ይዟል!” አለ አንዱ። መዶሻ እኮ ነው! ያ ልጅ ሲወለድ ገንፎ በልቻለሁ። ሻሼን አውልቄ እግራቸው ሥር ጣልኩ። ተራምደውት ፀጋይን ይዘው ወጡ።
ፀጋይ በሩ ላይ ዞር ብሎ፣ “ያቦካሁት ሲሚንቶ ሳይደርቅ...” አለ። ገፈተሩት።

ሐምሌ 26
ያላገኟትን ትብለፅን ጓዳ ትቼ፣ ፀጋይና ሌሎቹ ወደታጎሩበት መጋዘን ስንቅ ይዤ ሄድኩ።
“ምንሽ ነው?” አለ ጠባቂው።
ምኔ ነው? “ወንድሜ” አልኩ። ሳቀብኝ። ስንቁን ተቀበለኝ፣ ይድረሰው አይድረሰው እንጃ።

ነሐሴ 6
ከተማው በትግራይ ታጣቂዎች ተያዘ። መጋዘን የነበሩትን ጠባቂዎቹ ቀድመው በመኪና ወደ ደቡብ ወስደዋቸዋል አሉ። ወዴት? የሚያውቅ የለም። ሙሽራው ደሴ ቀረ፣ ኒካሁም እንዲሁ።

ጥቅምት 2፣ 2014
መብራት የለ፣ ዱቄት የለ። ትናንት ታጣቂዎች ቤታችን ገቡ። አንዱ የዓቢዳን ክንድ ያዘ። ትብለፅ መሀል ገብታ በትግርኛ ጮኸችበት። ለቀቃት። ቴሌቪዥኑን ተሸክመው ወጡ።
“ምን አልሻቸው?”
“ልጄ ናት አልኳቸው።”
እኔ ባሏን ማስጣል አቃተኝ። እሷ ልጄን አስጣለችልኝ። ምን ብዬ ዓይኗን ልይ?

ታኅሣሥ 12
ታጣቂዎቹ ሄዱ፣ የኛዎቹ ገቡ። እልልታው ሳይበርድ በራችን ተደበደበ። “ሴትዮዋን አውጪ!” ያው ገንፎውን የበላሁለት ልጅ ነው። ደፉ ላይ ቁጭ አልኩ። “በላዬ ላይ ተራመድ። ሻሼንማ ለምደኸዋል።” ዓቢዳ መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። መሬት መሬት እያየ ሄደ።

ጥር 6
አብሮት የታሰረ ሰው ተፈትቶ መጣ። ፀጋይ መስከረም ላይ በተቅማጥ ሞቷል። ሕክምና የለ። የት እንደቀበሩት አይታወቅም።
ለቅሶውን ሳሎን ተቀመጥን፣ ግድግዳው ሥር። ትብለፅ ፊቷን ድንጋዩ ወደተነቀለበት ባዶ ቦታ አዙራ ነው ያለቀሰችው። ከሰፈሩ የመጣው ጥቂት ነው። ያልመጡትን ፈጣሪ ይያቸው።

ጥር 20
ሙሽራው ከደሴ መጣ፣ ኒካሁ ከነገ ወዲያ። ድግስ የለም። ባዶውን ቦታ በመጋረጃ እንሸፍነው አለ። ትብለፅ፣ “ድንጋዩ አለ አይደል? ይለጠፍ” አለች።
ሲሚንቶ አቦካሁ። ግድግዳውን አረጠብኩ፣ ፀጋይ ሲያደርግ እንዳየሁት። እሷ ድንጋዩን ደግፋ ያዘችልኝ። ልክ ገባ። ለካ እውነትም ተስማምተው ነበር።

ጥር 22
ኒካሁ ታሰረ። አልሐምዱሊላህ። ሰው ግድግዳውን አደነቀ። ማን ሠራው አሉ። “ፀጋይ” አልኩ፣ ጮክ ብዬ። ዓይናቸውን ከግድግዳው አነሱ።
ሁሉም ሲወጣ ትብለፅ ጠጋ ብላ የለጠፍነውን ድንጋይ በጣቷ አንጓ መታችው። ጆሮዋን አስጠግታ ደገመችው።
እኔም ሰማሁት። ባዶ ነው።
“ልንቀለው?” አልኳት።
“ማን ይመልሰዋል?” አለች።