ስለ ድንጋዩ ባላባት አፍንጫ የተሰጠ ቃል

እኔ መኩሪያ አድማሱ፣ ዕድሜዬ ሰባ ስምንት፣ ልቤ የታመመ አእምሮዬ ግን ደህና የሆነ፣ ጥቅምት 12 ቀን 2018 ዓ.ም. በሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ ጎዳና ቤቴ ሆኜ፣ ማንም ሳያስገድደኝ ይህን ቃል በአራት ምስክሮች ፊት ሰጥቻለሁ። የምትጽፈው ልጄ ሄራን ናት።

መኪናዬ ለሄራን ትሁን። ሠላሳ ዓመት ሚራክል ማይል በሚሉት ሠፈር የሰው መኪና ሳቆም የኖርኩ ሰው ነኝና፣ አደራ፣ በአግባቡ ትቁም።

በእጄ የጻፍኩት የኔዘርኮምብ ታሪክ እዚህ ላለው የኢትዮጵያውያን ማኅበራችን ይሰጥ። ኔዘርኮምብ ለእርሻ ትምህርት ሄጄ በ1966 ዓ.ም. የተቀመጥኩባት የእንግሊዝ ገጠር መንደር ናት። ዘጠኝ ቤት፣ አንድ ድልድይ፣ አንድ መጠጥ ቤት፣ ሺህ ዓመት ኖረ የሚሉት አንድ ዛፍና አንድ ቤተ ክርስቲያን አላት። ለዘጠኝ ቤት አራት መቶ ገጽ በዛ የሚል ካለ፣ የማኅበራችንን የአንድ ስብሰባ ቃለ ጉባኤ ይቁጠር።

ገጽ 212 ግን ይቀደድ። በቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ መቃብሩ ላይ የተጋደመውን የድንጋይ ባላባት አፍንጫ ጥንት ወታደሮች እንደሰበሩት ጽፌበታለሁ። የሰበርኩት እኔ ነኝ። በመጀመሪያው እሑድ ጻድቅ መስሎኝ ከእግሩ ጀምሬ ስሳለመው፣ ግንባሩ ጋ ለመድረስ አፍንጫውን ብይዝ እጄ ላይ ቀረ። ካፖርቴ ኪስ ከትቼ በጎን በር ሾለክሁ።

እዚህ ላይ ሄራን "አባዬ፣ ኦኬ፣ ይሄ ሪሊ ኑዛዜ ውስጥ ይገባል?" አለች። ጻፊ ብያለሁ።

በፊት ለፊት በር ሲወጣ የታየው አብሮኝ የሚማረው ንጋቱ ወልዴ ነበርና፣ ቄሱ እሱን ጠረጠሩ። ከተከራየበት ክፍል በብርድ አስወጡት። እኔ ዝም አልኩ። ኋላ ቄሱ የመንደሩን ታሪክ ሲያሳትሙ ጥፋቱን ለወታደሮቹ ሰጧቸው፤ ተማሪ ከሰበረው ይልቅ ጦርነት የሰበረው ጎብኚ ይስባል። ንጋቱ ፌርፋክስ ላይ "እኛ ስንደርስ አፍንጫ ነበረው" ባለ ቁጥር፣ የታተመውን እያወጣሁ ቀጣፊ አሰኘሁት። ሰውም የታተመውን አመነ። ይኸው ከተኳረፍን አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሆነን።

ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይባላል፤ የኔን ብቅልም አላወጣው፣ የልብ ሐኪም አወጣው።

አፍንጫው አልጋዬ ሥር፣ ብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ አለ። ለንጋቱ ይሰጥ። ቢፈልግ ይመልሰው፣ ቢፈልግ ፌርፋክስን እየዞረ ያሳየው። ንጋቱ፣ በድዬሃለሁ፤ አሳፍሬሃለሁም። ሳልሞት ይቅር በለኝ።

ከዚህ በታች ያለው የእኔ የሄራን ነው። ቃሉ ተነብቦ የማኅበሩ ሰዎች ኢዛና፣ ዙሌይካና ማዕዶት ፈረሙ። ጋሼ ንጋቱ ለምን እንደተጠሩ ሳያውቁ ከኢንግልዉድ የመጡ ናቸው። ከመፈረማቸው በፊት የተናገሩት እንዲገባ አባቴ ስላዘዘ እነሆ፦

"ያን እሑድ ካፖርትህን የሰቀልኩልህ እኔ ነኝ። ኪስህ ቢከብደኝ ገልጬ አየሁት። ለቄሱ ያልተናገርኩት ራስህ ትናገራለህ ብዬ ነው። አፍንጫ ነበረው እያልኩ የከረምኩትም ለዚሁ ነው። በል አሁን ብዕሩን ወዲህ በል።"

4ኛ ምስክር፦ ንጋቱ ወልዴ፣ ከ1966 ዓ.ም. ጀምሮ። (ፊርማ)