ወንበሬ ላይ የቀረው ኮት

ወንድሜ፣ እንዴት ከርመሃል? የመጣሁበት ሥልጠና ደህና ነው፤ ዛሬ ያየሁት ነገር ግን መቆሚያ መቀመጫ አሳጥቶኛል። ያስጎበኙን የመንግሥት መሥሪያ ቤት ውስጥ አንድ ወንበር ላይ እንኳ ኮት አልተሰቀለም። ሁሉም ሲገባ በሩ አጠገብ ይሰቅላል። "ለምን?" ብዬ አስጎብኚያችንን ጠየቅኳት።

"ባዶ ወንበር ባዶ መሆኑ እንዲታይ ነዋ! ያኔ አጠገቡ ያለው ሠራተኛ ተነስቶ ባለጉዳዩን ያስተናግዳል" አለችኝ።

ሌሎቹ ፎቶ ሲነሱ እኔ የራሴን ወንበር አሰብኩ። እኛ ቢሮ እንደሆነ ታውቀዋለህ፤ ኮቱ ካለ ሰውየው አለ ነው። እኔስ ብሆን ያን ግራጫ ኮት እንደ ልማዴ ወንበሬ ላይ ሰቅዬው አይደል የመጣሁት? ይሄኔ ያቺ የውሃ መስመር ፈቃድ የምትጠብቀው ርዕሰ መምህርት "ኮታቸው አለ፣ አይርቁም" ብላ አግዳሚው ላይ ቁጭ ብላለች፤ ተማሪዎቿ ደግሞ ጀሪካን ተሸክመው ወንዝ ይወርዳሉ። እዚህ "የአገር እድገት" እያሉ ሲያስተምሩን የሚታየኝ ያ ኮት ብቻ ነው።

ፖስት ካርዱ ሞላብኝ። ባለቤትህን ሰላም በልልኝ፣ ልጆቹን ሳምልኝ። በእናትህ፣ ሴትየዋን አጠገቤ የምትቀመጠው አንተ ተነስተህ አስተናግዳት፤ ያን ኮትም አንሳልኝና አለመኖሬ ይታይ።