ከመስመር የወጣው ባጃጅ

ሰኞ፣ ቢቸና

ጌትነት ጠዋት ከሞጣ ደወለ። «እታለም፣ ረቡዕ ፍርድ ቤት ተቀጥረናል» አለኝ። ድምፁ ደክሟል። ጠበቃ የለንም፤ አቤቱታውን የጻፍሁት እኔ ነኝ። ጋዜጣ ላይ ሳለሁ የሰው ክርክር ብዙ ዘግቤአለሁ። የወንድሜ ሲሆን ግን እጄ ከበደኝ።

ነገሩ አጭር ነው። የጌትነት ባጃጅ የተፈቀደለት መስመር ከመናኸሪያ እስከ ገበያ ነው። ጎረቤቱ መሪጌታ ያረፉ ዕለት ሁለት ሽማግሌዎችን ጭኖ ከከተማ ውጭ ወዳለው ቤተ ክርስቲያን ሄደ። በሰፈሩ ለቀብር ሒሳብ የሚቀበል ሾፌር የለም። መንገድ ላይ ተቆጣጣሪ አገኘው። የትራንስፖርት ጽሕፈት ቤቱም «ከመስመር ውጭ ሠርቷል» ብሎ ፈቃዱን ሰረዘ። ጠርቶ እንኳ አልጠየቀውም።

ውሳኔው ከጸና ባጃጁን ሸጦ ደጀን የከባድ መኪና ረዳት ሊሆን ነው። ሚስቱና ትንሿ ልጁ ሞጣ ሊቀሩ።

ማክሰኞ፣ ሞጣ

ባጃጁ ግቢ ውስጥ ሸራ ለብሶ ቆሟል። ዶሮ የኋላ ወንበሩ ላይ እንቁላል ጥላለች። ሚስቱ ብርቱካን «እሷ እንኳ ያለ ፈቃድ ትሠራበታለች» ብላ አሳቀችን።

ከሰዓት በኋላ ወደ ምስክራችን ወደ ሐጂ ሰይድ ሱቅ ሄድን። ጨርቅ ነጋዴ ናቸው፤ ጉልበታቸውን ስለሚያማቸው ያን ቀን በባጃጁ ነው ለቀብር የሄዱት።

«ሐጂ፣ እንዳልከፈሉት ብቻ ይመስክሩልን፤ ያለ ሒሳብ ከሆነ ሥራ አይባልም» አልኋቸው።

ፊታቸው ተለወጠ። «በዚህ ዕድሜዬ ሰይድ በነጻ ተጫነ ልበል? በማግስቱ ለልጁ ቀሚስ የሚሆን ጨርቅ ልኬአለሁ። ከፍያለሁ ነው የምለው!»

ጌትነት ከሱቁ ስንወጣ «አለቀልኝ» አለ። ሌላው ሽማግሌ ታመዋል፤ ሌላ ምስክር የለንም። የሰጡትን «አልሰጠሁም በሉ» ብዬ መለመን ደግሞ አልቻልሁም።

ረቡዕ

ችሎት ላይ የጽሕፈት ቤቱ ተወካይ ሐጂን «ከፍለውታል?» አላቸው።

«እንዴታ!»

ተወካዩ ጥያቄዬን ጨርሻለሁ ብሎ ተቀመጠ። ጌትነት አንገቱን ደፋ።

ዳኛዋ «አባቴ፣ ሲሳፈሩ ስንት ተባባላችሁ?» ስትላቸው ሐጂ ቱግ አሉ። «ልጄ፣ ምን ማለትሽ ነው? የጎረቤቴ ሬሳ ወጥቶ እኔ ዋጋ ልከራከር? ይሄ ልጅስ ሒሳብ ቢጠይቀኝ ኖሮ ዳግመኛ ሰላም እለዋለሁ? ጨርቁን የላክሁት ለሕፃኗ ነው!»

ሰው ሳቀ። ዳኛዋ ዝም አሰኝታ ወደ ተወካዩ ዞረች። «ፈቃዱ ከመሰረዙ በፊት ሾፌሩ ተጠርቶ ነበር?»

«ጥፋቱ ግልጽ ስለነበር…»

«ተጠርቶ ነበር ወይ?»

«አልተጠራም።»

ለዓርብ ተቀጠርን።

ሐሙስ

ጌትነት ባጃጁን አጠበ። ተስፋ አደረገ ብዬ ደስ ሲለኝ «ብሸጠውም ታጥቦ ይሻላል» አለ።

ሐጂ ደወሉ። «ጎዳኋችሁ እንዴ?» አላውቅም አልኋቸው። «ቢጎዳም እውነቱ እሱ ነው» አሉ። ልክ ናቸው፤ ግን አቤቱታውን አውጥቼ እንደገና አነበብሁት።

ዓርብ

ዳኛዋ ነገሩን አላረዘመችም፤ ውሳኔዋ ይህ ነው። ፍርድ ቤቱ በጽሕፈት ቤቱ ፈንታ ፈቃድ አይሰጥም፤ የሚያየው ውሳኔው በሥርዓቱ መሰጠቱን ነው። ሾፌሩ ሳይሰማ ስለተወሰነ ስረዛው ተሽሯል። ጽሕፈት ቤቱ እሱንም ምስክሩንም ሰምቶ እንደገና ይወስን፤ እስከዚያ ግን ይሥራ።

ሙሉ ድል አይደለም። መልሰው ሊሰርዙት ይችላሉ። ሆኖም ተወካዩ ደጅ ላይ ጌትነትን ጠርቶ «ማክሰኞ ና፤ ሐጂንም ይዘህ» አለው፤ ፊቱ ክፉ አልነበረም።

«እታለም፣ ምን ልበላቸው?»

«የሆነውን።»

መናኸሪያ ያደረሰኝ ራሱ ነው። ባጃጁን ከሰልፉ ፊት ሊያስገባ ሲል ሾፌሮቹ ጮኹበት፦ «ኧረ ከኋላ! ፍርድ ቤት ተራ አልሰጠህም!»

እየሳቀ ዞሮ ከሰልፉ መጨረሻ ቆመ። የተሳፈርሁበት የቢቸናው ሚኒባስ ሲነሣ ከጌትነት ፊት የቀሩት ሁለት ባጃጆች ብቻ ነበሩ።