ሟቹ መሞት አስተማረኝ

ስማ አንተ ቀጮ፣

ቪዲዮ ቤት ፊልሙ ሳይጋመስ ይሞትብን የነበረው አክተር፣ «ሟቹ» የምንለው ሰውዬ፣ እዚህ ፊልም ቀረጻ ላይ ዳይሬክተር ሆኖ አገኘሁት። ከስንት ወንድ መሀል እኔን መረጠኛ! ሥራዬ በጥይት ተመትቼ ደረጃ ላይ መውደቅ ነው፤ ፊቴ ስክሪኑን ሊሞላ። ስወድቅ «ሞትክ ወይስ ተኛህ?» ብሎ ጮኸብኝ። እኔ ልተወው? «ጋሼ፣ እርስዎም ሲሞቱ ዓይንዎ ይርገበገብ ነበር፤ ሰፈር ሙሉ ነው የሳቀብዎት» አልኩት። ተባረርኩ ስል ኮቱን አውልቆ ራሱ ወደቀ። ወንድሜ፣ ሰው እንዲህ ሲሞት አይቼ አላውቅም! ካሜራማኑ ለካ ቀርጾታል። ሟቹ ተነሳና «ሃያ ዓመት ሙሉ ሞቼ ሳልጨርስ ነው ሲቆርጡብኝ የኖሩት። ዳይሬክተር የሆንኩት አንዴ ደህና አድርጌ ልሙት ብዬ ነው፤ ይሄ ፊልሙ ውስጥ ይግባ» አለ። ሞቴን ቀማኝ! ሬሳው በደረጃው የሚጎተትበት ትዕይንት ሲደርስ ግን «ወገቤን» ብሎ እኔን አስተኛኝ፤ ካሜራው እግሬ ላይ ብቻ ነው።

ወረቀቱ ላይ ቦታ አለቀብኝ። እማዬን ሳምልኝ፣ አክተር ሆኗል በላት። ፊልሙ ሲመጣ የሬሳውን እግር እይ፤ ጫማው ያንተ ነው፣ ሳልነግርህ ይዤው የመጣሁት። አትቆጣ፣ አንተም አክተር ሆንክ።