የቅዳሜው ፀጥታ

መስከረም 24፣ ቅዳሜ

ጨፋ፣ ወንድሜ ነጂብ ዘንድ። ዘንድሮ ሦስተኛ ቅዳሜዬ። ሾላው ሥር ምንጣፍ አነጠፈልኝ። ስልክ ዘጋሁ፣ ጫማ አወለቅሁ። ከቀትሩ ዙሁር እስከ አሱር ሶላት ተኛሁ። ከሚሴ ቢሮዬ ደጅ ባጃጁ፣ ባለጉዳዩ... እዚህ ኮሽ የሚል የለም።

መስከረም 27፣ ማክሰኞ

ለወረዳ አመራሮች ሥልጠና ሰጠሁ። ሥራና ዕረፍትን ስለማመጣጠን። "ቅዳሜ እኔ ማንም አይደለሁም፤ ሥልጣን እንደ ጫማ ደጅ ይወልቃል" አልኳቸው። አጨበጨቡ። ደስ አለኝ... ለምን እዋሻለሁ፣ በጣም ደስ አለኝ።

ጥቅምት 1፣ ቅዳሜ

እንዴት ብዬ ልጻፈው?

ዛሬ ቀድሜ ነቃሁ። ለሶላት ልታጠብ፣ ለውዱእ፣ ወደ ቦርከና ወንዝ ስወርድ የጎረቤታችን የዑሙልኸይር ማሽላ ላይ ግሪሳ ወርዶበታል። ባሏ ከሞተ ወዲህ ከዚያች ማሳ ሌላ የላትም። እሷ ማማው ላይ ወንጭፏን ታቅፋ ቁጭ ብላለች። ዝም።

"ምነው አትጮሂም?"

ደነገጠች። "አፉ ይበሉኝ ጌታው... ቀሰቀስኩዎት እንዴ?"

"ኧረ ወፉ ጨረሰሽ!"

"የቀበሌው ሊቀመንበር ሪድዋን ነው ያለን። ቅዳሜ ኃላፊው ያርፋሉ፣ እስከ አሱር ድምፅ እንዳይሰማ አለ። ምን ይደረግ... ሲሄዱ እንጮሃለን።"

ነጂብን ጠየቅሁት። የሱ ሰብል ማሾ ነው፣ ግሪሳ አይነካውም። "ዕረፍትህን እንዳይነሱህ ብለን ነው" አለ።

ሦስት ቅዳሜ ሙሉ! እኔ አላዘዝኩም። ወላሂ አላዘዝኩም። ግን የመጀመሪያው ቀን "አቤት፣ ይሄ ጩኸት!" ያልኩትስ? ሪድዋን አጠገቤ ነበር።

ጥቅምት 3፣ ሰኞ

ሪድዋን ጋ ደወልኩ። ተቆጣሁ።

"እርስዎ ሲሉኝ ነው እኮ..."

"መች አልኩህ?"

"ጥፋቱ የኔ ነው" አለ። የሱ እንዳልሆነ ሁለታችንም እናውቃለን። አፈርኩ። ግን ስልኩን ዘጋሁት እንጂ አላረምኩትም።

ጥቅምት 8፣ ቅዳሜ

ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ። ከማሽላዋ ግማሹ ባዶ ራስ ነው። ማማው ሥር ቆሜ "ዑሙልኸይር፣ አፉ በይኝ" አልኳት።

"አፉ ብያለሁ፣ ጌታው። አላህ ይተካል።"

"በይ እንግዲህ፣ እንደልብሽ ጩኺ።"

"እሺ" አለች። አልጮኸችም። ግሪሳው መጣ። ዙሪያውን ባይ፣ ማማ ላይ ያለው ሰው ሁሉ ወንጭፉን ይዞ እኔን ያያል። ከወዲያ አንዷ ልጇን "ጨል ጄዲ፣ ዝም በል! ኃላፊው መጥተዋል!" ስትል ሰማሁ።

ምን ልበል? ጩኹ ብልስ ያው ትእዛዝ አይደል?

መኪናዬ ውስጥ ገባሁ። ገና አስፋልቱ ጋ ሳልደርስ ሸለቆው በአንድ ጊዜ ጮኸ። እስክሄድላቸው ነበር የሚጠብቁት።