ኖሪና ከእንግዶቹ ጋር

ይድረስ ለልጅ ልጄ ለኦታቪያ፣ ደብዳቤ ለመጻፍ ለምትሰንፊው።

ሜልቦርን እንዴት ይዛሻለች? እኔ ጉልበቴ ከመንቋቋቱ በቀር እዚህ ብሬንታ ወንዝ ዳር ደህና ነኝ። ዛሬም ከተማችንን ባሳኖን ለእንግዶች በእግር አስጎበኛለሁ። አያትሽ ኖሪናም ብቻዋን ቤት ከምትውል ብዬ በየጠዋቱ ከእንግዶቹ ጋር ይዣት እወጣለሁ። ከጀርመን ከሚመጡት እንግዶች ሁሉ የበለጠች አድማጭ ሆናልኛለች።

ማክሰኞ ለታ የእንጨቱ ድልድይ ዘንድ ደርሰን፣ እንደ ልማዳችን ለእንግዶቹ ግራፓ የሚሉት የወይን አረቄ በትንንሽ ብርጭቆ ሲቀዳላቸው፣ ኖሪና የተወለደችበትን ቤት በጣቷ እያሳየች፣ እንደ አንዷ እንግዳ፣ «ጌታዬ፣ እዚያ ቤት ማን ነበር የሚኖረው?» አለችኝ።

«አንዲት ነገረኛ ልጅ ነበረች። ኋላ አስጎብኚ አገባች» አልኳት።

«ወይ ምስኪን ሰውዬ!» ብላ ከት ብላ ሳቀች። እንግዶቹም ሳቁ። እኔም አብሬ ሳቅሁና ሁለተኛ ብርጭቆ አስቀዳሁ።

ለገና እመጣለሁ ብለሽ ነበር። ለመስከረም ብታደርጊውስ? ወይኑም ያኔ ይደርሳል፣ የአውሮፕላን ቲኬቱም ይረክሳል። ስትመጪ ታዲያ ገና ከበሩ ስምሽን ጮክ ብለሽ ተናገሪ፤ የማን ልጅ እንደሆንሽም ጨምሪበት። ጆሮዬ ደክሟል።

ሁለቱንም ጉንጮችሽን ከሩቅ የሚስም፣
አያትሽ ኤርሜቴ