ከጠረጴዛው ማዶ

ወንድሜ፣

ዛሬ የቻይናን ወገን ይዤ ከገዛ አገሬ ጋር ተደራደርኩ። እዚህ ቻይና የምንማረው የዓለም አቀፍ ግንኙነትን በቻይና ዓይን ስለሆነ፣ መምህሯ ለልምምድ ወንበር አለዋወጠችን። በእኔ አገር ቦታ የተቀመጠው ቻይናዊ የክፍል ጓደኛዬ ነው፤ “ቀጭኑ” እንለዋለን።

ሰነዱ የባቡር ውል ነበር። እንደ አገር ቤቱ የእኔና የአንተ መሥሪያ ቤት ልማድ የወዳጅነቱን መግቢያ ጮክ ብዬ ማንበብ ጀመርኩ። ቀጭኑ ግን ከመጨረሻው ገልጦ፣ “ጌታዬ፣ እሱን ይተዉት። ሐዲዱ ሲሰበር የሚጠግነው ማነው? ዓባሪው ዝም ብሏል” አለኝ። “በኋላ እንነጋገርበታለን” ስለው፣ “በኋላማ እርስዎን የት አገኝዎታለሁ?” አለ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳቅሁ፤ ሆኖም ለአገሬ እንዲህ ተቆርቁሬ ጠይቄ አላውቅም። መምህሯ፣ “እኔ ውል ሳነብ ከኋላ ነው የምጀምረው፤ የፊቱ ገጽማ የትም አንድ ነው” አለች፣ እንደ ቀላል ነገር።

እኛ ዓባሪ አንብበን እናውቃለን? በየገጹ ግርጌ መፈረም ብቻ። በሚቀጥለው ወር የሚጸድቀው የእኛው የባቡር ውል አንተ ጠረጴዛ ላይ ነው። ብደውልልህ “ተምረህ ፈሪ ሆንክ!” ብለህ ትስቅብኛለህ፤ ለዚህ ነው የጻፍኩልህ። እባክህ አራተኛውን ዓባሪ ቁጭ ብለህ አንብበው።

የወረቀቱ ቦታ አለቀብኝ። እማማን ሳምልኝ፣ ትንሿ እህታችንንም። የመዝገብ ቤቷን እመቤት ሰላም በላት፤ የውሉን ዋና ቅጂ እሷ ታወጣልሃለች። በአራተኛው ዓባሪ ግርጌ ያለው ፊርማ የእኔ ነው። ሳላነበው ነው የፈረምኩት።